የጥርስ ራጅ ስሕተቶችና ስያሜዎቻቸው፤ ታሪካዊ ቅኝት

የጥርስ ራጅ አነሣሥን የሚያስተምር ጽሑፍ ወደ አማርኛ ሲመለስ ተርጓሚውን አብዝተው የሚያስቸግሩት የመሣሪያዎቹ ስሞች አይደሉም። ቱቦው ቱቦ፣ ፊልሙ ፊልም ተብሎ ያልፋል። የሚያስቸግሩት የስሕተቶቹ ስሞች ናቸው። ከጥቂት ጊዜ በፊት ለአስተያየት በቀረበልን አንድ የማስተማሪያ ረቂቅ ውስጥ በሁለት ዐምድ የተከፈለ ሠንጠረዥ ነበር፤ በግራው ዐምድ የስሕተቱ ስም፣ በቀኙ ዐምድ ማረሚያው ተጽፏል። ከስሕተቶቹ አንዱ «ማርዘም»፣ ሌላው «ማሳጠር» ተብሏል። የዐምዶቹ ርእስ የተጻፈው በመጀመሪያው ገጽ ላይ ብቻ ስለ ነበረ፣ ሁለተኛውን ገጽ ገልጦ «ማሳጠር» የሚለውን ያገኘ አንባቢ ቃሉን እንደ ስሕተት ሳይሆን እንደ ማረሚያ ሊያነበው ይችላል። እኛም በመጀመሪያው ንባባችን ያነበብነው እንደዚያው ነው።

ነገሩ የሰዋስው ጣጣ ብቻ ቢሆን ኖሮ በዚህ መጽሔት ላይ ቦታ ባልያዘ ነበር። ይሁን እንጂ የጥርሱ ምስል አጥሮ የወጣበት ባለሙያ ቱቦውን ወደ አንድ አቅጣጫ፣ ረዝሞ የወጣበት ደግሞ ወደ ተቃራኒው ማዘንበል ይኖርበታል። ቃሉን ገልብጦ የተረዳ ተማሪ ስሕተቱን ከማረም ይልቅ ያባብሰዋል፤ በሽተኛውም ለሁለተኛ፣ ምናልባትም ለሦስተኛ ጊዜ ጨረር ይመታዋል። እንግዲህ እነዚህ ስያሜዎች ከየት እንደ መጡና በምን ምክንያት እንደዚያ ሊባሉ እንደ ቻሉ ሳያጤኑ አቻ ቃል መስጠት አደጋ አለበት። ይህ ቅኝት የተጻፈው በዚሁ ምክንያት ነው።

አስቀድሞ ስለ «ራጅ» ጥቂት ማለት ይገባል። ቪልሄልም ኮንራድ ሮንትገን በኖቬምበር 8 ቀን 1895 (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) በቩርዝቡርግ ዩኒቨርሲቲ ቤተ ሙከራው ውስጥ ላገኘው አዲስ ጨረር «ኤክስ» የሚል ስም የሰጠው ምንነቱ ገና ስላልታወቀ ነው፤ በአልጀብራ ያልታወቀ ቁጥር የሚወከልበትን ፊደል ተዋሰ። ጀርመኖች ከዚያ በኋላ ጨረሩን በራሱ በሮንትገን ስም ጠሩት፤ ሩስያውያንም ይህንኑ ተከተሉ። እንግሊዞችና ጣሊያኖች ግን ኤክሱን ይዘው ቆዩ። የጣሊያንኛው «ራጂ» የብዙ ቁጥር ስም ሲሆን ፍቺው «ጨረሮች» ማለት ብቻ ነው። አማርኛ ቃሉን ሲወስድ ኤክሱን ጥሎ «ራጅ» አለ፤ የብዙ ቁጥርነቱም በዚያው ጠፋ። ስለሆነም አንዳንድ ጸሐፊዎች የሚጠቀሙበት «የራጅ ጨረር» የሚለው ሐረግ ምንጩን ለሚያውቅ «የጨረሮች ጨረር» እንደ ማለት ነው። ይህን የምንለው ሐረጉን ለመንቀፍ አይደለም፤ ሕዝብ የተቀበለውን ቃል በምንጩ ብቻ መፍረድ ከመዝገበ ቃላት ሠሪ አይጠበቅም።

ከባዱ ጉዳይ ሌላ ነው። በዛሬው አማርኛ «ራጅ» የሚለው ቃል ክፍሉን፣ መሣሪያውን፣ ድርጊቱንና ምስሉን ሁሉ ይሸፍናል። «ራጅ ገባ»፣ «ራጁ ተበላሸ»፣ «ራጅ ታዘዘለት»፣ «ራጁን ይዘህ ና» የሚሉት አራት ዓረፍተ ነገሮች አራት የተለያዩ ነገሮችን ያመለክታሉ። «ራጁ ተበላሸ» ሲባልም የተበላሸው መሣሪያው ነው ወይስ ምስሉ? ለዕለት ተዕለት ንግግር ችግር የለውም፤ አውዱ ይፈታዋል። ስለ ስሕተት በሚናገር የሙያ መጽሐፍ ውስጥ ግን ይህ ልዩነት የግድ መለየት አለበት። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ለጨረሩ «ኤክስ ጨረር»፣ ለድርጊቱ «ራጅ ማንሣት»፣ ለውጤቱ «የራጅ ምስል» እንላለን። «ማንሣት» የሚለው ግሥ ከፎቶግራፍ የተወረሰ ነው፤ ፎቶ የሚነሣ ሰው ሁሉ ራጅም ይነሣል። በጥርስ ሐኪም ወንበር ላይ ለተቀመጠ በሽተኛ «አሁን ራጅ ይነሣሉ» ቢሉት ከወንበሩ ብድግ ማለቱን የሚያስታውሱ ባለሙያዎች አይጠፉም።

የሮንትገን ግኝት በታተመ በሳምንታት ውስጥ፣ በጃንዋሪ 1896፣ በብራውንሽቫይግ ከተማ የሚኖረው የጥርስ ሐኪም ኦቶ ቫልክሆፍ የገዛ ጥርሶቹን ራጅ አነሣ። በዚያን ጊዜ ተጠቅልሎ የሚሸጥ የጥርስ ፊልም ስላልነበረ፣ ትንሽ የፎቶግራፍ መስተዋት በጥቁር ወረቀትና በላስቲክ ጠቅልሎ በአፉ ውስጥ ያዘ፤ ጨረሩም ለ25 ደቂቃ ያህል መታው። ዛሬ ይኸው ሥራ የሚፈጀው ከአንድ ሰኮንድ በታች ነው። ሃያ አምስት ደቂቃ አፍን ከፍቶ፣ ምንም ሳይነቃነቁ መቀመጥ ምን እንደሚመስል ማንም መገመት ይችላል። የመጀመሪያው የጥርስ ራጅ ስሕተትም የሚወለደው ከዚሁ ነው፤ በሽተኛው ሲነቃነቅ ምስሉ ይደበዝዛል። ይህ ስሕተት በአማርኛ ችግር አይፈጥርም። «ደብዛዛ ምስል» ማንም ይረዳዋል።

በአሜሪካ በኒው ኦርሊንስ ከተማ ኤድመንድ ኬልስ የተባለው የጥርስ ሐኪም በዚያው በ1896 ራጅ ማንሣት ጀመረ። በዚያ ዘመን ቱቦው የሚያወጣው ጨረር ከቀን ቀን ስለሚለዋወጥ፣ ባለሙያው ሥራውን ከመጀመሩ በፊት የገዛ እጁን በቱቦውና በሚያበራው ሰሌዳ መካከል ያስገባና የእጁ አጥንት ጥርት ብሎ እስኪታየው ድረስ መሣሪያውን ያስተካክል ነበር። ይህ ልማድ በእንግሊዝኛ «ቱቦውን ማስተካከል» የሚል ስም ነበረው፤ የተስተካከለው ቱቦ ሲሆን የተጎዳው እጅ መሆኑን ስሙ አይናገርም። ኬልስ በየቀኑ ይህን ሲያደርግ ኖሮ ካንሰር ያዘው፤ በተደጋጋሚ ቀዶ ሕክምና መጀመሪያ ጣቶቹን፣ ቀጥሎም እጁንና ክንዱን አጣ፤ በ1928 ራሱን አጠፋ። ይህ ከመሆኑ ብዙ ዓመት አስቀድሞ የቦስተኑ የጥርስ ሐኪም ዊልያም ሮሊንስ በ1901 በእንስሳት ላይ ባደረገው ሙከራ ጨረሩ ሳያቃጥል እንኳ ሊገድል እንደሚችል አሳይቶ ነበር። ሮሊንስ ቱቦው ጨረር በማያሳልፍ ሣጥን ውስጥ እንዲሆን፣ ባለሙያውም የእርሳስ መስተዋት ያለበት መነጽር እንዲያደርግ መክሯል፤ ምክሩ ግን በዘመኑ ብዙ ሰሚ አላገኘም። ለቃላት አጥኚ የሚጠቅም አንድ ነገር አለ፤ ሮሊንስ በጽሑፉ «ኤክስ ብርሃን» እንጂ «ኤክስ ጨረር» አይልም። ብርሃን ይገድላል ሲባል ማን ያምናል?

ከዚህ ቀጥሎ የሚመጣው የጉዳያችን ዋና ክፍል ነው። ጥርስ በአፍ ውስጥ በመንገጭላ ሥጋና አጥንት ውስጥ ዘንበል ብሎ የተተከለ ነገር ነው። ፊልሙ በላንቃ በኩል ሲደረግ የላንቃው ጉብታ ስለሚከለክለው ከጥርሱ ጋር እኩል አይቆምም፤ ከጥርሱ አክሊል ጋር ይነካካና ወደ ሥሩ በሄደ ቁጥር ይርቃል። ስለዚህ ጥርሱና ፊልሙ አንድ ዘዌ ይፈጥራሉ። የምስሉ ርዝመት ከእውነተኛው የጥርስ ርዝመት ጋር እኩል እንዲሆን ጨረሩ በምን በኩል መምጣት አለበት? ለዚህ ጥያቄ ፖላንዳዊው የጥርስ ሐኪም አንቶኒ ቼሺንስኪ በ1907 መልስ ሰጠ። ጨረሩ ለጥርሱም ለፊልሙም ሳይሆን፣ ጥርሱና ፊልሙ የፈጠሩትን ዘዌ ለሁለት እኩል ለሚከፍለው ሐሳባዊ መስመር ቀጤ ነክ ይሁን አለ። ይህ የእኩል ልኬት ሕግ ይባላል፤ ስልቱም የዘዌ አካፋይ ስልት ሊባል ይገባዋል። ቼሺንስኪ በኋላ በልቮቭ ከተማ ፕሮፌሰር ሆኖ ሲያስተምር ኖሮ፣ በጁላይ 1941 ጀርመኖች የከተማይቱን ፕሮፌሰሮች ሲፈጁ አብሮ ተገደለ።

ሕጉ ለጂኦሜትሪ ባይተዋር ለሆነ አንባቢ የሚከብድ ይመስላል፤ ነገር ግን አገራችን ከጥንት ጀምሮ የምታውቀው ነው። ሰዓት ባልነበረበት ዘመን ካህናት የጾሙን መፍቻ ጊዜ የገዛ ጥላቸውን በእግራቸው እየሰፈሩ ያውቁ ነበር። ፀሐይ ዝቅ ባለች ጊዜ፣ ጧትና ማታ፣ ጥላ ይረዝማል፤ ፀሐይ ከአናት ላይ ስትሆን ጥላ ከእግር ሥር ይሰበሰባል። በመካከል፣ ፀሐይ ከአድማስ 45 ዲግሪ ከፍ ባለች ጊዜ፣ የቆመ ሰው ጥላ ከቁመቱ ጋር እኩል ይሆናል። መሬቱን ፊልም፣ የቆመውን ሰው ጥርስ ብንለው የቼሺንስኪ ሕግ ይኸው ነው፤ 45 ዲግሪው በሰውየውና በመሬቱ መካከል ያለውን ቀጥተኛ ዘዌ የሚያካፍለው መስመር ነውና። ስለዚህ ለላይኞቹ ጥርሶች ቱቦው ከሚገባው በላይ ከፍ ብሎ ወደ ታች ሲያይ ምስሉ እንደ ቀትር ጥላ ያጥራል፤ ከሚገባው በታች ዝቅ ሲል እንደ ማታ ጥላ ይረዝማል። ለታችኞቹ ጥርሶች ቱቦው ከታች ወደ ላይ ስለሚያይ የፀሐይዋ ምሳሌ እንደ ነበረ አይሠራም፤ ሕጉ ግን አይለወጥም።

አሁን ወደ ሁለቱ ቃላት እንመለስ። የእንግሊዝኛው ስያሜ በምስሉ ላይ የታየውን መልክ ይናገራል እንጂ የእጁን ስሕተት አይናገርም። አማርኛ ደግሞ የግሥን ዐይነት በቅርጽ ይለያል፤ «ማርዘም» እና «ማሳጠር» አድራጊ ያላቸው ግሦች ናቸው፤ አንድ ሰው ሆን ብሎ የሚሠራውን ሥራ ያመለክታሉ። ምስሉ ግን ማንም ሳያስበው ነው የረዘመው። «መርዘም» እና «ማጠር» ቢባል ይሻላል፤ ሆኖም «ማጠር» ከግቢ አጥር ጋር ይጋጫል፤ የሠንጠረዥ ርእስ ሲሆን ሁለቱም አሁንም እንደ ትእዛዝ ሊነበቡ ይችላሉ። ስለዚህ «ረዝሞ መታየት» እና «አጥሮ መታየት» የሚሉትን ሐረጎች መርጠናል። ሁለት ቃል ሆኑ ተብለን እንነቀፍ ይሆናል። አንድ ቃል ሆኖ ከሚያሳስት ሁለት ቃል ሆኖ ቢያስረዳ ይመረጣል። በዚሁ መንገድ የጎረቤት ጥርሶች ምስል አንዱ በሌላው ላይ ሲያርፍ «ተደርቦ መታየት» እንላለን። «… መታየት» የሚለው ማሰሪያ ያለበት ሁሉ በምስሉ ላይ የታየ መልክ መሆኑን አንባቢ ወዲያው ይለያል፤ የእጁ ስሕተት ደግሞ «የቁመት ዘዌ መብዛት»፣ «የቁመት ዘዌ ማነስ»፣ «የአግድም ዘዌ መሳት» ተብሎ ለብቻው ይመዘገባል።

«ማብዛት» እና «መጨመር» ራሳቸው ሌላ ወጥመድ አላቸው። በሙያው ልማድ ወደ ታች የሚያይ ቱቦ ዘዌው የመደመር ምልክት፣ ወደ ላይ የሚያይ ደግሞ የመቀነስ ምልክት ይሰጠዋል። እንግዲህ ለታችኛው ጥርስ «ዘዌውን ጨምር» የተባለ ተማሪ ከ−10 ወደ −20 ይሂድ ወይስ ወደ 0? በትምህርት ቤት የተማረው ሒሳብ ወደ 0 መሄድ መጨመር ነው ይለዋል፤ መምህሩ ያሰበው ግን ተቃራኒውን ነው። በዚህ ጊዜ «ጨምር» የሚለውን ትቶ «ቱቦውን ይበልጥ ወደ ላይ አዘንብል» ማለት ነው የሚሻለው። ተርጓሚው ከምንጩ ጽሑፍ የራቀ ይመስለው ይሆናል፤ ወደ ሐሳቡ የቀረበው ግን ያኔ ነው።

ጥላን ካነሣን ዘንድ ስለ ጥቁርና ነጭ አንድ ነገር መጨመር ያስፈልጋል። የጨረር ጥላ በፊልም ላይ ጥቁር አይደለም፤ ነጭ ነው። ጨረሩ ያገኘው የፊልም ክፍል ይጠቁራል፤ ጥርስ፣ አጥንት ወይም የብረት ሙሌት የከለለው ክፍል ነጭ ሆኖ ይቀራል። በቀለም ደረጃ የሙሌቱ ብረት ከሁሉ ይነጣል፤ የተበላው የጥርስ ክፍል ግን ጨረሩን ስለሚያሳልፍ ጠቆር ብሎ ይታያል። በአማርኛ «ጥላ አለበት» ሲባል አንባቢ ጥቁር ነገር ስለሚያስብ፣ ቃሉን በሙያ ጽሑፍ ውስጥ ለምስሉ መግለጫ ማዋል አይገባም እንላለን፤ ከላይ እንዳደረግነው የጨረሩን አካሄድ ለማስረዳት ብቻ ይዋል። ለምስሉ «ጨረር አሳላፊ» እና «ጨረር ከልካይ» የሚሉት ይበቃሉ።

የቼሺንስኪ ስልት ዘዌውን በግምት ማካፈልን ስለሚጠይቅ የባለሙያው ዐይን ሲሳሳት ምስሉም ይሳሳታል። ይህን ለማስወገድ በ1920 አሜሪካዊው ፍራንክሊን ማክኮርማክ ፊልሙን ከጥርሱ አርቆ፣ ነገር ግን ከጥርሱ ጋር ትይዩ አድርጎ ማቆምን በተግባር አዋለ፤ በ1947 ደግሞ ጎርደን ፊትስጀራልድ ስልቱን አሟልቶ አስፋፋው። ፊልሙ ከጥርሱ ሲርቅ ምስሉ ስለሚተልቅ፣ ይህን ለማካካስ ቱቦውም ከ20 ወደ 40 ሳንቲ ሜትር ገደማ እንዲርቅ ተደረገ። ርቀቱ እጥፍ ሲሆን ፊልሙ ላይ የሚደርሰው ጨረር ወደ አንድ አራተኛ ይወርዳልና ጊዜውን ወይም የጨረሩን መጠን መጨመር ግድ ሆነ። «የትይዩ ስልት» የሚለው አቻ ቃል ከትምህርት ቤት ጂኦሜትሪ የታወቀ ስለሆነ አያከራክርም።

በ1925 ሃዋርድ ሬፐር የተባለው አሜሪካዊ መምህር ከፊልሙ መካከል የወረቀት ክንፍ የሚወጣለትን፣ በሽተኛው ክንፉን ነክሶ የሚይዘውን የራጅ ዐይነት አስተዋወቀ። ዓላማው በጎረቤት ጥርሶች መካከል በዐይን የማይታየውን መበላት ገና በጅምሩ ለማየት ነው። ሬፐር ለዚህ ስልት የሰጠው ስም ንክሻንና ክንፍን ያጣመረ ነው። ስሙን ቃል በቃል የመለሱ «የንክሻ ራጅ» ይሉታል፤ ይህን የሰማ ሰው ግን ውሻ ለነከሰው በሽተኛ የሚታዘዝ ራጅ ሊመስለው ይችላል። «ባለ ክንፍ ራጅ» ቢባል ከግራ መጋባት ያድናል። ጨረሩ በሁለቱ ጥርሶች መካከል ባለው ስንጥቅ ቀጥ ብሎ ካላለፈ ጥርሶቹ ተደርበው ይታያሉ፤ ፍለጋ የተወጣለት ቦታ በትክክል የተሸፈነው ቦታ ይሆናል። ከስሕተቶች ሁሉ ይህ የከፋ ነው የምንለው ለዚህ ነው። ረዝሞ የታየ ጥርስ መበላቱን አይደብቅም፤ ተደርቦ የታየ ግን ይደብቃል፤ ምስሉም ያለ ጥቅም ተነሥቷል።

አሁን ደግሞ ዕቃው ጠፍቶ ስሙ ስለ ቀረ ስሕተት እንናገር። በቀድሞዎቹ መሣሪያዎች አፍ ላይ ጨረሩ የሚሄድበትን አቅጣጫ ለማመልከት ሾጣጣ የፕላስቲክ ጠቋሚ ይገጠም ነበር። ፕላስቲኩ ራሱ ጨረር እየበተነ ስላስቸገረ፣ ከጊዜ በኋላ ጫፉ ክፍት በሆነ፣ ውስጡ በእርሳስ በተለበጠ ክብ ወይም ባለ አራት ማዕዘን ቱቦ ተተካ። ይሁን እንጂ ጨረሩ የፊልሙን አንድ ክፍል ሲስተውና ያ ክፍል ነጭ ሆኖ ሲቀር፣ በእንግሊዝኛ ስሕተቱ እስከ ዛሬ የሚጠራው በዚያ በጠፋው ሾጣጣ ስም ነው፤ «ሾጣጣው የቆረጠው» እንደ ማለት። ይህን «የሾጣጣ ቅራጭ» ብሎ መተርጎም ተማሪውን በክፍሉ ውስጥ የሌለ ሾጣጣ እንዲፈልግ ማድረግ ነው። «ጨረር የሳተው ክፍል» ብንል የሆነውን ነገር እንናገራለን። ባለ አራት ማዕዘኑ ቱቦ ይህን ስሕተት አብዝቶታል፤ ስፋት ያለው ጨረር ሲጠብ መሳቱ አይቀርምና። ነገር ግን ዲያሜትሩ 7 ሳንቲ ሜትር የሆነ ክብ ጨረር ከ38 ካሬ ሳንቲ ሜትር በላይ ቆዳ ሲመታ፣ ፊልሙ ራሱ 3 በ4 ሳንቲ ሜትር ያህል፣ ማለት ከ13 ካሬ ሳንቲ ሜትር የማይበልጥ መሆኑን ስናስብ፣ ጠባቡ ጨረር ለበሽተኛው የሚያተርፈው ብዙ ነው።

ከፊልም ጋር በተያያዘ አማርኛ ከራሱ ያመጣው አንድ ችግር አለ፤ እርሱም «ማጠብ» የሚለው ግሥ ነው። ፎቶ አንሺዎቻችን ፊልም ይታጠባል ይላሉ፤ ድርጊቱን በሙሉ በአንድ ቃል ይጠሩታል። በተለመደው የእጅ አሠራር ግን የጥርስ ፊልም በ20 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ሙቀት ምስሉን በሚያወጣው ውሕድ ውስጥ 5 ደቂቃ ይቆያል፤ 30 ሰኮንድ ያህል በውሃ ይለቀለቃል፤ ምስሉን በሚያጸናው ውሕድ ውስጥ 10 ደቂቃ ይቆያል፤ በመጨረሻ ለ20 ደቂቃ በሚፈስ ውሃ ይታጠባል። እንግዲህ «ፊልሙ በደንብ አልታጠበም» ቢባል ስሕተቱ የትኛው ነው? በመጀመሪያው ውሕድ ውስጥ ጥቂት የቆየ ፊልም ፈዝዞ ይወጣል፤ በመጨረሻው ውሃ ጥቂት የቆየ ግን ዛሬ ደኅና መስሎ ከወራት በኋላ ቡናማ እየሆነ ይበላሻል። አንዱ ወዲያው ራጁን ማስደገም የሚያስገድድ፣ ሌላው የበሽተኛውን መዝገብ ቀስ በቀስ የሚያጠፋ ነው። «ምስል ማውጣት»፣ «ምስል ማጽናት» እና «ማጠብ» ብለን ሦስቱን እንድንለይ፣ «ማጠብ» ለመጨረሻው ብቻ እንዲቀር ሐሳብ እናቀርባለን። የፎቶ ቤቶችን አነጋገር ለመለወጥ አንሞክርም።

ሌላው ፊልሙ በአፍ ውስጥ ጀርባው ወደ ቱቦው ሲዞር የሚመጣው ነው። ከፊልሙ ጀርባ ያለው ስስ የእርሳስ ቅጠል ጨረሩን ስለሚከለክል ምስሉ ይፈዛል፤ በቅጠሉ ላይ የታተመው ጥልፍም አብሮ ይወጣል። እንግሊዞች ይህን ጥልፍ በሰሜን ባሕር ዓሣ አጥንት መስለው ሰየሙት። ለእኛ ዓሣው አይታወቅም፤ «የዓሣ አጥንት መሰል ጥልፍ» ማለት በቂ ነው። ከ1987 ጀምሮ፣ በፈረንሳዊው ፍራንሲስ ሙየን የተሠራው የመጀመሪያው የዲጂታል መሣሪያ ከወጣ ወዲህ፣ ፊልም ከብዙ ክሊኒኮች እየወጣ ስለሆነ ይህ ቃል በመጻሕፍት ብቻ የሚቀርበት ቀን ሩቅ አይደለም። የዘዌ ስሕተቶች ግን ከፊልሙ ጋር አልሄዱም፤ ዲጂታሉም እንደ ፊልሙ ይረዝማል፣ ያጥራል፣ ይደረባል። እንዲያውም ምስሉ በቅጽበት በሰሌዳ ላይ ስለሚወጣ «ድገመው» ማለት ቀላል ሆኗል።

ተርጓሚው የምንጩን ጽሑፍ ዕድሜ ማየት እንዳለበት የሚያስታውስ አንድ ነገር እዚህ እንጥቀስ። ለብዙ ዐሥርት ዓመታት የታተሙ መጻሕፍት ሁሉ በሽተኛው የእርሳስ ሽርጥና የአንገት መከላከያ እንዲለብስ ያዛሉ፤ የአሜሪካ የጥርስ ሐኪሞች ማኅበር ግን በ2024 ባወጣው መመሪያ ይህ እንዲቀር መክሯል፤ ምክንያቱም በትክክል የታለመና የጠበበ ጨረር ካለ ሽርጡ የሚጨምረው ጥቅም እጅግ ጥቂት ሲሆን፣ አንዳንድ ጊዜም በምስሉ ውስጥ ገብቶ ማስደገም ስለሚያመጣ ነው። በሌሎች አገሮች ያለው ደንብ ይለያያል፤ ስለዚህ የትኛው አገር፣ በየትኛው ዓመት እንዳለ ሳይገለጽ ትእዛዙ ብቻ መተርጎም የለበትም።

የቀረን የጥርሶቹ ራሳቸው ስም ነው። «መንጋጋ» በአማርኛ ጥርሱንም፣ ጥርሱ የበቀለበትን አጥንትም ይጠራል። «የመንጋጋ ራጅ» ተብሎ የታዘዘለት በሽተኛ የአንዲት ጥርስ ትንሽ ምስል ይነሣለት ወይስ ፊንላንዳዊው ዩርዮ ፓቴሮ በ1940ዎቹ መጨረሻ ያዳበረው፣ መንገጭላውን ከዳር እስከ ዳር የሚያሳየው ፓኖራሚክ? የጨረሩ መጠንም፣ የሚታየው ነገርም የተለያየ ነው። አጥንቱን «መንገጭላ»፣ ጥርሱን «መንጋጋ» ብለን መለየት ቀላሉ መፍትሔ ነው።

ቁጥሮቹ ግን ይበልጥ ያሳስታሉ። ዓለም አቀፉ የጥርስ ሐኪሞች ፌዴሬሽን በ1970 ያጸደቀው ዘዴ ለእያንዳንዱ ጥርስ ሁለት አኃዝ ይሰጣል፤ የመጀመሪያው አኃዝ የአፉን አራተኛ ክፍል፣ ሁለተኛው ከመካከል ጀምሮ ጥርሱ የሚገኝበትን ተራ ያመለክታል። በአሜሪካ የሚሠራበት ዘዴ ደግሞ የዐዋቂን ጥርሶች ከ1 እስከ 32 በተከታታይ ይቈጥራል። ስለዚህ በፌዴሬሽኑ ዘዴ 14 የተባለው የላይኛው ቀኝ የመጀመሪያ ቅድመ መንጋጋ ሲሆን፣ በአሜሪካኑ ዘዴ 14 የላይኛው ግራ የመጀመሪያ መንጋጋ ነው። ከአሜሪካ መጽሐፍ የተተረጐመ ትእዛዝ በፌዴሬሽኑ ዘዴ በሚሠራ ክሊኒክ ሲነበብ፣ ቀኙ ስለ ግራው ራጅ ይነሣለታል። ቁጥሩን በፊደል መጻፍ ያስፈለገ እንደ ሆነ የፌዴሬሽኑ «አንድ አራት» ተብሎ ይጻፍ፤ «ዐሥራ አራት» የሚለው ለአሜሪካኑ ዘዴ ብቻ ይሁን። «ቀኝ» የሚለውም ሁልጊዜ የበሽተኛው ቀኝ እንጂ የሚያየው ሰው ቀኝ አለመሆኑ በገጹ ራስጌ ይገለጽ።